የሙቀት ወራት ምሳዬ

የቶኪዮ ሐምሌና ነሐሴ ሙቀት ብቻ አይደለም፤ እርጥበቱ ገላ ላይ ይለጠፋል፣ የምግብ ፍላጎት ይዘጋል። ያኔ የምሠራው ሂያሺ ቹካ የሚባል ቀዝቃዛ የኑድል ምግብ ነው። ስሙ «የቀዘቀዘ የቻይና» እንደማለት ነው፤ ምግቡ ግን የጃፓኖች ነው። በ1937 እ.ኤ.አ. ሰንዳይ ከተማ ያለ ሪዩቴ የተባለ ምግብ ቤት እንደጀመረው ይነገራል።

ዋናው ነገር እጥበቱ ላይ ነው። ኑድሉ እንደበሰለ ወንፊት ላይ ገልብጬ፣ ቀዝቃዛ ውሃ እየለቀቅኩበት ልክ እንደ ልብስ በእጄ አሸዋለሁ። መጀመሪያ ያሙለጨልጫል፤ ስታርቹ ሲለቅ ግን እያንዳንዱ ክር ጣቴ ላይ ጠንከር ይልብኛል። ከዚያ በረዶ ያለበት ውሃ ውስጥ እነክረዋለሁ። በደንብ ካልተንጠፈጠፈ ማባያው ይቀጥናል፣ እባካችሁ እዚህ ላይ አትቸኩሉ!

ማባያው ሶያ ሶስ፣ የሩዝ አቼቶ፣ ስኳርና ጥቂት የሰሊጥ ዘይት ነው። ከላይ በቀጭኑ የተከተፈ ኪያር፣ ቲማቲም፣ እንደ ወረቀት ሳስቶ የተጠበሰና የተሸነሸነ እንቁላል። ሳህኑ ጠርዝ ላይ ደግሞ ሰናፍጭ። በፆም ሽሮ ከሰናፍጭ እየበላ ያደገ ሰው፣ ያ አፍንጫ የሚሰነጥቅ ነገር እዚህ ሲያገኘው ምን ያህል ደስ እንደሚል ያውቃል።

ዛሬ ሳህኖቹንም ፍሪጅ ከትቻቸዋለሁ።