መርዶ የማይደርስበት ጥልቅ

ከመካነ ሰላም ሆኖ ስለ ባሕር መጻፍ ለብዙ ሰው እንግዳ ነገር ሊመስለው ይችላል። ከተማችን ከባሕር ወለል በላይ 2600 ሜትር ያህል ከፍታ ላይ የተቀመጠች የቦረና ከተማ ናት፤ በዚህ ደጋ ያደገ ልጅ የሚያውቀው ትልቅ ውሃ ዓባይ ነው፤ እሱንም ቢሆን ሸለቆውን ቁልቁል ወርዶ ካልሆነ አይደርስበትም። ይሁን እንጂ በባሕር ሆድ ውስጥ ስለሚኖሩት የኒውክሌር ሰርጓጅ መርከብ ሠራተኞች ዘወትር አስባለሁ። የእነርሱ ነገር የሞተርና የሚሳይል ጉዳይ ብቻ አይደለም፤ ከሰው ወሬ ተለይቶ የመኖር ጉዳይም ነው፤ ከሁሉ ይልቅ የመርዶ ጉዳይ ነው። ስለ መርዶ ደግሞ የወሎ ደገኛ የሚናገረው አያጣም።

በአገራችን ሞት እንደ ማንኛውም ወሬ አይነገርም። ሩቅ አገር ያለ ሰው ወላጁ ቢሞትበት ጎረቤቱና የቅሬው ሽማግሎች ተሰብስበው ይመክራሉ። ማን እንደሚነግረው፣ በማን ቤት እንደሚነገረው፣ ሲሰማ ማን ደግፎ እንደሚይዘው ይወስናሉ። አብዛኛውን ጊዜ ጎሕ ሳይቀድ ይሄዳሉ፤ ሐዘንተኛው በመንገድ ላይ ከማይገባ ሰው አፍ እንዳይሰማ ይጠነቀቃሉ። ክርስቲያኑ ለእስላሙ፣ እስላሙም ለክርስቲያኑ መርዶ ነጋሪ ሆኖ ይሄዳል። መርዶ ሊዘገይ ይችላል፤ የሚዘገየው ግን ሐዘንተኛውን የሚደግፍ ሰው እስኪሰበሰብ ድረስ ነው።

ይህን ሥርዓት በራሳችን ቤት አይቼዋለሁ። ታላቅ ወንድሜ የባሕር ኃይል ባልደረባ ሆኖ በምጽዋ ያገለግል ነበር። አባታችን በዚያ በክፉው ዘመን በ1977 ዓ.ም. ሲያርፍ እሱ በቀይ ባሕር ላይ ነበር። ሽማግሎቹ፣ «መርዶ በወረቀት አይነገርም» ብለው ስለ ከለከሉ፣ እኔ ለወራት ስለ ዘመድ ደኅንነትና ስለ ዝናቡ ብቻ እየጻፍሁ እልክለት ነበር። ፈቃድ አግኝቶ ሲመጣ ደሴ ላይ በዘመድ ቤት አሳደሩት። ሌሊቱ ሳይነጋ ሦስት ሽማግሎች ገብተው ተቀመጡ፤ አንደኛው፣ «ልጄ፣ ወገብህን ጠበቅ አድርግ» አሉት። ከዚህ ሌላ ቃል አላስፈለጋቸውም። ከለቅሶው በኋላ፣ «በደብዳቤህ ውስጥ ‹አባባ ሰላም ብሎሃል› የምትለዋን ባጣሁ ጊዜ ልቤ ጠርጥሮ ነበር» ብሎኛል። ያልተጻፈችውን ቃል አንብቧት ኖሯል።

ስለ ሰርጓጅ መርከቦች መጀመሪያ የሰማሁትም ከእርሱ ነው። ሶማሊያ በ1970 ዓ.ም. ሶቪየቶችን ከበርበራ ካስወጣች በኋላ፣ የሕንድ ውቅያኖስ ጓዳቸው በዳህላክ ደሴቶች መካከል በምትገኘው በኖክራ መጠገኛና ማረፊያ አበጅቶ እስከ 1983 ዓ.ም. ድረስ ቆይቷል። ተንሳፋፊ የመርከብ መጠገኛም ነበራቸው። ወደዚያ ከሚመጡት ሰርጓጆች መካከል በኒውክሌር ኃይል የሚነዱ ይገኙባቸው ነበር። ወንድሜ የነገረኝ ስለ ብረቱ ግዝፈት አልነበረም። ከውስጥ የወጡት ወጣቶች ፊታቸው እንደ ሻማ ነጥቶ፣ ፀሐዩን መቋቋም አቅቷቸው ዓይናቸውን በእጃቸው ሲከልሉ ከሩቅ ማየቱን ነበር።

ይህ መርከብ ከቀድሞዎቹ የሚለይበት ምክንያት ግልጽ ነው። በናፍጣ የሚሠራው ሰርጓጅ ሞተሩ አየር ስለሚፈልግ፣ ባትሪውን ለመሙላት ወደ ውሃው ገጽ መቅረብ ግዴታው ነው። በኒውክሌር የሚነዳው ግን የዩራኒየም አተም ሲሰነጠቅ በሚወጣው ሙቀት ውሃ አፍልቶ፣ በእንፋሎቱ ተርባይን ያዞራል፤ ለዚህም አየር አያሻውም። ናውቲለስ የተባለችው የአሜሪካ ሰርጓጅ ጥር 9 ቀን 1947 ዓ.ም. ለመጀመሪያ ጊዜ በዚህ ኃይል ተንቀሳቀሰች። የእኛም ባሕር ኃይል የተቋቋመው በዚያው በአውሮፓውያን 1955 ዓመት ነበር። ከዚያ ወዲህ ሰርጓጁ የሚጠጣውን ውሃ ከባሕር አጣርቶ፣ የሚተነፍሰውን ኦክስጅን ከውሃ ለይቶ፣ የተቃጠለውን አየር አጽድቶ ለወራት ከውሃ በታች መኖር ቻለ። የጉዞውን ርዝመት የሚወስኑት በመጋዘኑ ያለው ስንቅና የሰው ልጅ ትዕግሥት ብቻ ሆኑ።

ትዕግሥቱም ቀላል አይደለም። ባለ ሚሳይሎቹ የአሜሪካ ሰርጓጆች እያንዳንዳቸው 150 ያህል ሰው ይዘው ከሁለት ወር በላይ ይሰወራሉ፤ አንዱን መርከብ ሁለት ቡድኖች እየተፈራረቁ ያገለግሉበታል። በውስጡ ንጋትም ምሽትም ስለሌለ፣ ለብዙ ዘመን የመርከበኞቹ «ቀን» 18 ሰዓት ብቻ ነበር፤ ስድስቱን ሰዓት በጥበቃ፣ አሥራ ሁለቱን በሌላ ሥራና በእንቅልፍ ያሳልፉት ነበር። የመርከቡ ዋና ጋሻ ዝምታ ነው። ራዲዮ ከላከ ያለበት ስፍራ ይታወቅበታል፤ ስለዚህ ይሰማል እንጂ አይናገርም። የሚሰማውም ውሃ ዘልቆ ሊገባ በሚችል ረጅም ሞገድ የሚላከውን ጥቂት ቃል ነው።

ከቤተሰብ የሚመጣው ቃልም እንዲሁ የተመጠነ ነው። በእንግሊዝ ባለ ሚሳይል ሰርጓጆች ላይ የሚያገለግል ሰው በየሳምንቱ ከቤቱ አጭር መልእክት ይደርሰዋል፤ መልስ መስጠት ግን አይችልም። መልእክቱ ከመላኩ በፊት ስለሚመረመር፣ ሐዘን የሚያሰማ ነገር ካለበት አያልፍም። ከጉዞው አስቀድሞም መርከበኛው ይጠየቃል፦ ከቤተሰብህ ሰው ቢሞት በባሕር ላይ ሳለህ ይነገርህ ወይስ እስክትመለስ ይቆይህ? አባቱ ሳይሞት ስለ አባቱ መርዶ ይወስናል። እኛ ዘንድ ይህን ሸክም የሚሸከመው ቅሬው ነው፤ በዚያ ግን ሐዘንተኛው ራሱ ብቻውን ይሸከመዋል። የሚደርሱትን ጥቂት ቃላት ሲያነብ እንደ ወንድሜ የጎደለችውን ቃል ይፈልግ እንደሆነ እጠይቃለሁ።

የዝምታው አደጋ በቤተሰብ ሐዘን ላይ ብቻ የሚያበቃ አይደለም። ጥቅምት 17 ቀን 1955 ዓ.ም.፣ በኩባ ቀውስ ጊዜ፣ ቢ-59 የተባለችው የሶቪየት ሰርጓጅ በአሜሪካ መርከቦች ተከባ ከላይ የማስጠንቀቂያ ፈንጂ ይወረወርባት ነበር። በናፍጣ የምትሠራ ብትሆንም የኒውክሌር ቶርፔዶ ይዛለች። ባትሪዋ ደክሟል፣ ሙቀቱ አይቻልም፣ ከሞስኮ ጋር ያላት ግንኙነት ተቋርጧል። አዛዡ ላይ ጦርነት ተነሥቶ ይሆናል ብሎ ቶርፔዶው እንዲዘጋጅ ባዘዘ ጊዜ፣ በውስጧ የነበረው ቫሲሊ አርኪፖቭ ተቃወመው፤ መርከቧ ወጥታ ወሬ እንድትጠይቅ አግባባው። አርኪፖቭ ከዚያ ቀደም ሰኔ 27 ቀን 1953 ዓ.ም. የኬ-19 ሪአክተር ማቀዝቀዣ ሲበላሽ በዚያች መርከብ ላይ ነበር። ሪአክተሩን ለመጠገን የገቡ ስምንት ጓዶቹ በጨረር ተቃጥለው በሳምንታት ውስጥ ሲያልቁ ያየ ሰው ነው። የሞትን ወሬ ከሌላ አፍ የሰማ ሳይሆን በዓይኑ ያየ በመሆኑ ይመስለኛል፣ ባልተረጋገጠ ወሬ ሌላውን ለመግደል ያልቸኮለው።

ኃያላን መንግሥታት እነዚህን መርከቦች ለማግኘት በውቅያኖስ ወለል ላይ የማዳመጫ መሣሪያ ዘርግተው የአንዲት ቀዛፊ ድምፅ ከብዙ መቶ ኪሎ ሜትር ርቀት ይሰሙ ነበር። ኬ-278 የተባለችው የሶቪየት ሰርጓጅ 1020 ሜትር ጠልቃ መዝገብ የሰበረችው ሐምሌ 28 ቀን 1976 ዓ.ም. ነበር፤ በዚያው ክረምት የወሎ ገበሬ ሰማይ ሰማዩን እያየ ዝናብ ይጠብቃል። ያን ያህል የሠለጠነው ጆሮ የእኛን ጩኸት የሰማው ግን ዘግይቶ ነው፤ የኮረም ሥዕል በእንግሊዝ ቴሌቪዥን ለዓለም የታየው ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. ነበር። ኬ-278 ራሷ መጋቢት 29 ቀን 1981 ዓ.ም. በእሳት ተያይዛ ሰጠመች፤ ከ69 ሰዎቿ 42ቱ አለቁ።

ነሐሴ 6 ቀን 1992 ዓ.ም. ኩርስክ ከ118 ሰዎቿ ጋር በባሬንትስ ባሕር ስትሰጥም ደግሞ የሩሲያ መንግሥት ነገሩን ለሕዝብ የገለጠው ከሁለት ቀን በኋላ ነው። ከፍንዳታው የተረፉ 23 ሰዎች በመጨረሻው ክፍል ተሰብስበው ነበር፤ ዲሚትሪ ኮሌስኒኮቭ የተባለው መኮንን በጨለማ ውስጥ ስማቸውን ጽፎ ተወ። ወረቀቱ በኪሱ ተገኘ። ሽማግሌ በሌለበት ጥልቅ ውስጥ ሟቹ ራሱ መርዶ ነጋሪ ሆነ ማለት ነው። እናቶቹ ግን በየወደቡ ቆመው ቃል ይለምኑ ነበር። እንዲህ ያለው መዘግየት ከእኛ ሽማግሎች መዘግየት ጋር አንድ አይደለም፤ የሽማግሎቹ ለሐዘንተኛው ሲባል ነው፣ ያኛው ለአለቃው።

በእንግሊዝ ሰርጓጆች ካዝና ውስጥ አንድ ደብዳቤ ይቀመጣል። ጠቅላይ ሚኒስትሩ በእጁ የጻፈው ሲሆን፣ አገሪቱ በኒውክሌር ጠፍታ መንግሥቷም ካለቀ አዛዡ ከፍቶ ትእዛዙን ያነባል። ይህን ባሰብሁ ቁጥር የቅሬው ሽማግሎች ትዝ ይሉኛል። የእኛ ሥርዓት የቆመው ከሟቹ በኋላ ነጋሪም አልቃሽም ይተርፋል በሚል እምነት ላይ ነው። ያ ደብዳቤ በሚከፈትበት ቀን ግን ለመርከበኛው መርዶውን የሚያረዳው፣ ወገብህን ጠበቅ አድርግ የሚለው አንድ ሰው በምድር ላይ ላይገኝ ይችላል።

ኅዳር 15 ቀን 1954 ዓ.ም. የተባበሩት መንግሥታት ጠቅላላ ጉባኤ፣ ኢትዮጵያ ከሌሎች አገሮች ጋር ሆና ያቀረበችውን ሐሳብ ተቀብሎ፣ በኒውክሌር መሣሪያ መጠቀም የድርጅቱን ቻርተር የሚጥስና በሰው ልጅ ላይ የሚፈጸም ወንጀል መሆኑን አወጀ። 55 አገሮች ደገፉት፣ 20 ተቃወሙት፣ 26 ድምፀ ተዓቅቦ አደረጉ። አንድም የኒውክሌር ሰርጓጅ የሌላት አገር ይህን በመናገሯ ሊስቅ የሚወድ ይኖር ይሆናል። እኛ መምህራን ግን ስለ አተም ስናስተምር ይህን ውሳኔ አብረን ልናነሣው ይገባል፤ ሠዓሊውና ጸሐፊውም ከብረቱ ውስጥ ያለውን ፊቱ የነጣውን ወጣት ሊያሳየን ይገባል። ያ ወጣት የማን ልጅ እንደሆነ መጠየቅ፣ ሰው ሲሞት ማን እንዲነግር፣ ማንስ እንዲደግፍ ሲመክር ለኖረ ሕዝብ አዲስ ጥያቄ አይደለም።