ስለ ሥዕልና ስለ ሙታን መታሰቢያ

ከባሕር ዳር በጀልባ ወደ ዘጌ ተሻግሮ ዑራ ኪዳነ ምሕረትን የተሳለመ ሰው፥ የመቅደሱ ግድግዳ በሥዕል ተሸፍኖ ማየቱን አይረሳም። የቅዱስ ጊዮርጊስን ገድልና የበላዔ ሰብእን ታሪክ ፊደል ያልቈጠረ ሰው እንኳ በዓይኑ ያነበዋል። በአገራችን የቤተ ክርስቲያን ሥዕሎች ግርጌ አንዳንድ ጊዜ በግንባሩ የተደፋ ሰው ይታያል፤ በአጠገቡም እገሌ እንደ ምን እንደ ተማኅፀነ ተጽፏል። ያ ሰው ካለፈ ብዙ ዘመን ሆኖታል፤ ስሙ ግን ዛሬም ይነበባል።

ይህን ባየሁ ቍጥር የታላቅ ወንድሜ ነገር ትዝ ይለኛል። በ1969 ዓ.ም. ከቤት እንደ ወጣ አልተመለሰም። አስከሬኑ ስላልተገኘ፥ እናታችን ሞቷል ብላ ፍትሐት ለማስፈታትም፥ አለ ብላ ተስፋ ለማድረግም አልሆነላትም፤ ተዝካሩን ሳታወጣ ዐረፈች። እኔም ስሙን ማንሣት ቍስል መንካት ነው ብዬ ብዙ ዘመን ዝም አልሁ።

ሲኒማ የሥራ ፈት መጫወቻ ነው እል ነበር። አንድ ወዳጄ ግን በአሜሪካ በዌልስሊ ኮሌጅ ሥነ ጥበብ ያስተማሩት ሳሌም መኩሪያ ያዘጋጁትን «የወንዝ ማዕበል» አሳየኝ። ፊልሙ አንድ ሰዓት ያህል ነው። የጠፋ ወንድማቸውንና የተገደለች የልብ ወዳጃቸውን እያሰቡ፥ የ1966ቱን አብዮትና የዚያን ዘመን ተማሪዎች ዕጣ ይተርካሉ። አንድ ማዕድ የቈረሱ ወጣቶች በወገን ተከፍለው የተጫረሱበት ዘመን ነበርና፥ ፍርዱ ለተመልካች ቀላል አይደለም። እርሳቸውም ታሪኩን የሚናገሩት እንደ ዳኛ ሳይሆን እንደ ሐዘንተኛ ነው።

እ.ኤ.አ. በ2003 በቬኒስ የታየው ሌላው ሥራቸው ደግሞ ጎን ለጎን በተዘረጉ ሦስት መጋረጃዎች ላይ የሚታይ ነው። አሠራሩ እንደ መጽሐፍ የሚከፈተውን ባለ ሦስት ገጽ ሥዕላችንን ያስታውሳል። አንዱ ገጽ ብቻውን ነገሩን አይፈጽምም፤ የአገራችንም ታሪክ እንዲሁ ነው።

ፊልም ሥዕለ አድኅኖ እንዳልሆነ፥ ፍትሐትንም እንዳይተካ አውቃለሁ፤ ካህናት አንባቢዎቼም ይህን ቢሉኝ አልከራከርም። ነገር ግን ያን ምሽት ፊልሙ ሲያበቃ አንድ ነገር አስደነገጠኝ፤ የወንድሜን የክርስትና ስም የሚያውቅ ከእኔ በቀር በሕይወት አልቀረም። እኔ ዝም እንዳልሁ ብሞት፥ ስሙ ሁለተኛ ይጠፋ ነበር።

በማግስቱ ማለዳ ስሙን በወረቀት ጽፌ ወደ ንስሓ አባቴ ሄድሁ። እርሳቸውም ወረቀቱን ተቀብለው ዘለግ ላለ ጊዜ ዝም አሉና፥ «ልጄ፥ እስከ ዛሬ ስለ ምን ሸሸግኸው?» አሉኝ። መልስ አልነበረኝም። ከዚያ ቀን ወዲህ ግን በጸሎታቸው ያስቡታል።

አንባቢ ሆይ፥ በቤትህም እንዲህ ያለ ያልተነሣ ስም ካለ፥ የሚያውቁት ሽማግሌዎች ሳያልፉ ጠይቅ።