ጥቁሩ ካፖርት

የአሥራ ሦስት ዓመት ልጅ ሳለሁ፣ ከመካነ ሰላም ወጣ ብሎ ባለው መንደራችን የጎረቤታችን ሙክት ጠፋ። ነሐሴ ነበር፤ የቦረና ደጋ ጭጋግ ሲወርድበት ሰው በአሥር እርምጃ አይለይም። ጥጆች ስመልስ በገደሉ አፋፍ ሰው ሲያልፍ አየሁ። ያየሁት ይኸው ብቻ ነው።

አውጫጭኝ ተጠራ። መንደርተኛው ተሰብስቦ ያየ የሰማውን እየማለ የሚያወጣበት፣ ጥፋተኛው ሳይታወቅ በቀላሉ የማይበተንበት የአባቶች ምርመራ ነው። ያኔ የወንጀል ምርመራ ልብ ወለድ አገላብጥ ነበርና፣ እውነቱን የማወጣው እኔ እንድሆን ልቤ ቋምጧል። ተራዬ ሲደርስ አንድ ሽማግሌ፣ «ልጄ፣ ጥቁር ካፖርት የደረበ ነበር፣ አይደል?» አሉኝ። በመንደሩ ጥቁር ካፖርት ያለው አንድ ወጣት ነበር።

«አዎ፣ አባባ።»

አልዋሸሁም፤ ካፖርቱ በዚያች ቅጽበት ታየኝ። ማታ ለእናቴ ስነግራት ኮሌታው ቆሟል፤ በሳምንቱ ለእኩዮቼ ሳወራ ገመድ ይዟል። ባወራሁት ቁጥር ጠራልኝ፤ በጠራልኝ ቁጥርም አመንኩት።

ወጣቱ የሙክቱን ዋጋ ከፍሎ፣ መስከረም ሳይጠባ አገር ለቀቀ። በጥቅምት ሰማዩ ሲጠራ የሙክቱ አጥንት ከነቃጭሉ ገደል ሥር ተገኘ። ሌባ የሚባል ነገር አልነበረም። እኔ ግን አይቼዋለሁ።

ከብዙ ዓመት በኋላ ኤልዛቤት ሎፍተስና ጆን ፓልመር እ.ኤ.አ. በ1974 ያሳተሙትን ጥናት አነበብኩ። ተማሪዎች የመኪና አደጋ ፊልም አይተው፣ 50ዎቹ መኪኖቹ «ተላትመው ሲደቁ»፣ ሌሎች 50 ደግሞ «ሲጋጩ» ፍጥነታቸው ስንት እንደነበር ተጠየቁ። ከሳምንት በኋላ «የተሰበረ መስታወት አያችሁ?» ሲባሉ ከፊተኞቹ 16፣ ከኋለኞቹ 7 «አዎ» አሉ። በፊልሙ የተሰበረ መስታወት የለም። የእኔም ካፖርት ከጥያቄው ውስጥ ነበር የወጣው።

አምና ያን ሰው ደሴ አገኘሁት፤ ሸብቷል። ቡና ቤት ተቀምጠን ይቅርታዬን እንዴት እንደምጀምረው ሳወጣ ሳወርድ፣ ቀደመኝ። «ያን ቀን ሁሉም ሲፈርድብኝ፣ በዚያ ጭጋግ ማን ይለያል ብለህ የተከራከርክልኝ አንተ ብቻ ነህ። አልረሳውም» አለኝ።

የአጋታ ክሪስቲ «የሮጀር አክሮይድ ግድያ» ተራኪ ራሱ ገዳዩ ነው። ሳነበው የደነቀኝ፣ ሳይዋሽ ዋናዋን ሰዓት ብቻ ዘሎ ማለፉ ነበር። እኔም ዘለልኳት። አቀርቅሬ ስኒዬን አየሁ።

የቡናውንም እሱ ከፈለ።