«የመኪናው ባለቤት ማነው?»
ከደሎ መና ይዤው የተመለስኩት ጥያቄ

መቼስ ባሌ ሄዶ ሳኔቲን ሳይሻገር የተመለሰ ሰው «ባሌን አየሁ» ባይል ይሻለዋል። ከአዲስ አበባ ሮቤ ድረስ 430 ኪሎ ሜትር ያህል ተጉዞ፣ የስንዴውን ማሳ አድንቆ፣ ጎባ ላይ ሻይ ጠጥቶ መመለስ ማለት በር ላይ ቆሞ «ቤቱ ያምራል» እንደማለት ነው። ቤቱ ከጎባ በላይ ነው። ጓዳው ደግሞ ደሎ መና።

እኔም በር ላይ መቆሙ ሰለቸኝና ባለፈው ሰሞን ከጎባ በማለዳ በአንድ አይሱዙ ጋቢና ተሳፈርኩ። ሹፌሩ ገና ከመነሳታችን «ጋሼ፣ ጋቢ ይዘዋል?» አለኝ።

«የምሄደው ቆላ አይደል እንዴ?» አልኩት። ሳቀ። ለምን እንደሳቀ የገባኝ ትንሽ ቆይቶ ነው። ወደ ቆላው የሚያወርደው መንገድ መጀመሪያ ወደ ሰማይ ይወጣል። ሳኔቲ ላይ ከ4,000 ሜትር በላይ ነዎት። ቱሉ ዲምቱ 4,377 ሜትር ከፍታውን ይዞ እዚያው አጠገብዎ ነው። ጅብራው በጭጋጉ ውስጥ እንደ ዘበኛ ተገትሯል። በዓለም ላይ ቁጥሩ ከ500 የማይበልጠውና ከግማሽ በላዩ ባሌ ውስጥ የሚኖረው ቀይ ቀበሮ ለእኛ ዞር ብሎ እንኳ ሳያይ ፍልፈሉን ያደባል። ዩኔስኮ ይህን ፓርክ እ.ኤ.አ. በ2023 በዓለም ቅርስነት መዝግቦታል፤ ቀበሮው ግን የሰማ አይመስልም።

ከዚያ ቁልቁለቱ መጣ። ጆሮዬ ተደፈነ። አስታው አለቀ፣ ሪራን አለፍን፣ ቀርከሃው ተከተለ፣ ቀጥሎ የሐረና ጫካ ዋጠን። ከዛፎቹ ሥር ማንም ያልተከለው ቡና በራሱ በቅሎ ይታያል። ከጎባ መቶ ኪሎ ሜትር አለፍ ብለን ደሎ መና ስንደርስ ከፍታው ወደ 1,300 ሜትር ወርዶ፣ እኔም ጃኬቴን ክንዴ ላይ አንጠልጥዬ ነበር። በአንድ ጠዋት ከውርጭ ወደ ላብ!

ወደ ዋናው ጉዳይ ልግባ።

ሁለቱ ላንድሮቨሮች

ቡና ልጠጣ የገባሁበት ቤት ፊት ለፊት ሁለት መኪኖች ቆመዋል። አንደኛው እንግዶች ይዘውት የመጡት አዲስ ዲፌንደር ነው፤ አቧራውም ቢሆን ውበቱን አልደበቀውም። ሁለተኛው ዛፍ ሥር የቆመ አሮጌ ላንድሮቨር፣ ረጅሙ ባለ 109 ኢንች፣ ቀለሙ ሦስቴ የተለወጠ። ኮፈናቸው ላይ ያለው ስም ግን አንድ ነው።

ቤቱ ውስጥ ክርክሩ ጦፏል። በጡረታ ላይ ያሉ አንድ ሹፌር (ድሮ የመንግሥት ላንድሮቨር ነድተዋል) «እንግሊዝ ነው፤ አለቀ!» ይላሉ። አንድ ወጣት አስተማሪ «አባቴ፣ ድሮ ነው እሱ። ዛሬ የህንድ ነው» ይላል። ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። «ታታ? ያ የጭነት መኪናው?» አለ አንዱ።

ከሳቀኞቹ መሐል ያልሳቀ አንድ ልጅ አየሁ። ዕድሜው ሃያ አምስት ቢሆነው ነው። አጠገቡ አንድ ሐጂ ተቀምጠዋል፤ አጎቱ ናቸው። ልጁ ያልሳቀበትን ምክንያት ኋላ አወቅሁ። ያንን አሮጌ ላንድሮቨር ሊገዛ ነው። ገንዘቡ የእሱ ብቻ አይደለም፤ የአባቱ፣ የሐጂና የሌሎች ሁለት ዘመዶች የሁለት ዓመት የቡና ገንዘብ ነው። መኪናውን ከጎባ ይዞት የወረደው ደላላ በዋጋው ላይ መቶ ሺህ ብር ጭማሪ የጠየቀው ደግሞ «ይኼ ንጹህ የእንግሊዝ ነው፤ እንደ አሁኖቹ አይደለም» ብሎ ነው። «የነዳጅ አውቶሞቢል እንዳይገባ ከተከለከለ ወዲህ አሮጌው ወርቅ ሆኗል፤ ዛሬ ካልገዛህ ነገ እጥፍ ነው» ብሎታል። ክልከላው እውነት ነው፣ እ.ኤ.አ. ከ2024 መጀመሪያ ጀምሮ። ችኮላው ግን የደላላው ነው።

«ጋሼ፣ እርስዎ የጋዜጣ ሰው ነዎት አሉ» አለኝ ልጁ። «እውነቱን ይንገሩኝ። የማን ነው?»

የማን ነው?

የማውቀውን ነገርኩት። ለእናንተም ልንገራችሁ፤ መኪና ባይኖራችሁም ለጨዋታ ይሆናችኋል።

ላንድሮቨር ለሕዝብ የታየው እ.ኤ.አ. በ1948 አምስተርዳም ላይ ነው። የሠራው ሮቨር የተባለው የእንግሊዝ ኩባንያ ነበር፤ ፋብሪካው በርሚንግሃም አጠገብ ሶሊሀል። ጊዜው ከጦርነቱ ማግስት ነበርና ብረት በራሽን ነው። ስለዚህ አካሉን በአሉሚኒየም ሠሩት። ላሜራው የማይዝገው በጥበብ ብቻ ሳይሆን በችግርም ጭምር ነው ማለት ነው።

ከዚያ በኋላ ባለቤቱ እንደ ቤት ተከራይ ይለዋወጥ ጀመር። በ1967 ሮቨር ከሌይላንድ ጋር ተቀላቀለ፤ በ1968 ብሪቲሽ ሌይላንድ ተባለ። በ1975 ኩባንያው ሊወድቅ ሲል የእንግሊዝ መንግሥት ወረሰው። በ1988 መንግሥት ለብሪቲሽ ኤሮስፔስ ሸጠው። በ1994 የጀርመኑ ቢኤምደብሊው ገዛው። በ2000 ላንድሮቨርን ለአሜሪካው ፎርድ ሸጠው። በ2008 ፎርድ ላንድሮቨርንና ጃጓርን አንድ ላይ በ2.3 ቢሊዮን ዶላር ለህንዱ ታታ ሸጠ። አስተማሪው ልክ ነበር፤ ዛሬም የታታ ነው።

አስተማሪው ደረቱን ነፋ። ሐጂ ግን አንድ ነገር ጠየቁኝ፤ «ታታ ራሱስ የማን ነው?»

ደግ ጥያቄ ነው። የታታን ኩባንያዎች በበላይነት ከያዘው እናት ድርጅት ውስጥ ሁለት ሦስተኛ ያህሉ ድርሻ የበጎ አድራጎት ተቋማት ነው። ትርፉ ሲከፈል ለትምህርት ቤት፣ ለሆስፒታል ይውላል።

«ሰደቃ ነው በለኛ!» አሉ ሐጂ፤ ቤቱ እንደገና ሳቀ።

የት ነው የሚሠራው?

ጡረተኛው ሹፌር በቀላሉ የሚረቱ አይደሉም። «ባለቤቱ ህንድ ይሁን፤ የሚሠራው ግን እንግሊዝ ነው!» አሉ።

ግማሹ እውነት ነው። የድሮው ዲፌንደር እስከ መጨረሻው ሶሊሀል ተሠራ፤ የመጨረሻው የወጣው እ.ኤ.አ. ጥር 29 ቀን 2016 ነው። ከ1948 ጀምሮ ሲቆጠር ከ2 ሚሊዮን በላይ ተመርቷል። ሬንጅሮቨር የሚባለው ትልቁ መኪና ዛሬም ሶሊሀል ይሠራል፤ ትንሹ ኢቮክ ደግሞ ሊቨርፑል አጠገብ ሄልዉድ። ህንድ ውስጥ ፑኔ ላይ እ.ኤ.አ. ከ2011 ጀምሮ ይገጣጠማል። ቻይና ውስጥም ቼሪ ከተባለው ኩባንያ ጋር በ2014 ፋብሪካ ተከፍቷል።

ውጭ የቆመው አዲሱ ዲፌንደርስ? እሱ የሚሠራው እንግሊዝም ህንድም አይደለም። ስሎቫኪያ ነው፤ ኒትራ በምትባል ከተማ፣ በ2018 በተከፈተ ፋብሪካ። ይባስ ብሎ 17ቱ የሻንሲ ፊደልና ቁጥር የሚጀምሩት «ኤስ፣ ኤ፣ ኤል» ብለው ነው። «ኤስ፣ ኤ» የእንግሊዝ አገር ምልክት ነው። ጃፓን የተሠራ ቶዮታ «ጄ» ብሎ ይጀምራል፤ የጀርመን «ደብሊው»። ዲፌንደሩ ግን ስሎቫኪያ ተወልዶ የእንግሊዝ መታወቂያ ይዟል። ባለቤቱ ደግሞ ሙምባይ ናቸው። እንግዲህ «የየት አገር ነው?» ቢባል መልሱ አንድ አይደለም ማለት ነው።

ቡና ያፈሉልን አዴ እስከዚያ ድረስ ዝም ብለው ነበር። ሦስተኛውን እየቀዱ «የእኛ ተቃራኒ ነው» አሉ።

«እንዴት አዴ?»

«የእኛ ቡና እዚሁ ሐረና ይበቅላል። ባለቤቱም ቦታውም ተለውጦ አያውቅም። አገር ሲያልፍ ግን ስሙ ይጠፋል። የእነሱ መኪና ቦታውም ባለቤቱም ይለዋወጣል፤ ስሙ ግን አይጠፋም።»

እኔ ስለዚህ ጉዳይ ከዚህ የተሻለ አልሰማሁም።

ማግኔቱና ሊብሬው

ልጁ ግን ገና አልሳቀም። «እሺ፣ ያኛውስ?» አለ ወደ ዛፉ እያሳየ። «እሱ የእንግሊዝ ነው አይደል?»

ሁላችንም ወጣን። ጡረተኛው ሹፌር ከአሮጌ የሬዲዮ ድምፅ ማጉያ የተፈታ ማግኔት ይዘው ነበር። በሩ ላይ ለጠፉት፤ ወደቀ። ክንፉ ላይ ለጠፉት፤ ወደቀ። «አሉሚኒየም። ዋናው ነው» አሉ። ከዚያ ካፖርታቸውን አውልቀው በጀርባቸው ከሥር ገቡ። የፊት ቀኝ ባሌስትራ የሚታሰርበት ጋ ጭቃውን ቢላ ይዘው ፋቁ፤ የሻንሲ ቁጥሩ ወጣ። ሊብሬው ላይ ካለው ጋር አንድ በአንድ አነበብን። ገጠመ! የሰሌዳ ጽሑፉም ሶሊሀል ይላል። ደላላው አልዋሸም። መኪናው ንጹህ የእንግሊዝ ነው፤ ያውም የእንግሊዝ መንግሥት ባለቤት በነበረበት ዘመን የተሠራ።

ሽማግሌው ግን ከሥር አልወጡም። ቴላዮውን በመፍቻ ሲያንኳኩ ድምፁ አንድ ቦታ ላይ ተለወጠ። ላሜራው አሉሚኒየም ቢሆንም ቴላዮው ብረት ነው፤ ይዝጋል። ከኋላ በኩል ሁለት ቦታ ተበይዶ በቀለም ተሸፍኗል። «ይሠራል። ግን ለመቶ ሺህ ጭማሪ አይደለም» አሉ ተነስተው አቧራቸውን እያራገፉ።

ሐጂ ሊብሬውን ተቀብለው ራቅ አድርገው ተመለከቱት። ከዚያ ደላላውን ጠሩት።

«ልጄ፣ እዚህ ላይ የተጻፈው ስም ያንተ ነው?»

«አይ ሐጂ፣ የባለቤቱ ነው።»

«ባለቤቱ የት አለ?»

ደላላው ትንሽ አመነታ። ባለቤቱ ካረፈ ሦስት ዓመት ሆኖታል። ልጆቹ አዲስ አበባ ናቸው። አንደኛው «ሽጠው» ብሏል። ውክልና አለ፤ ሟቹ በሕይወት እያለ የሰጠው ነው።

ቡና ቤቱ በሙሉ ዝም አለ። ሁለት ሰዓት ሙሉ «የእንግሊዝ ነው፣ የህንድ ነው» ስንል ኩባንያውን ከለንደን እስከ ሙምባይ አዞርነው እንጂ፣ እዚህ ዛፍ ሥር የቆመው መኪና የማን እንደሆነ የጠየቀ አልነበረም። እኔም ጭምር፤ የጋዜጣ ሰው ተብዬ!

እንግዲህ ውድ አንባቢያን፣ ምክሬ ከዚህ ይጀምራል። አሮጌም ሆነ አዲስ መኪና ልትገዙ ስትነሱ ኮፈኑ ላይ ያለውን ስም አንዴ አይታችሁ እለፉት። ስሙ ዋጋ የለውም ማለቴ አይደለም፤ መለዋወጫ ማግኘትና አለማግኘት፣ የአካባቢያችሁ መካኒክ ማወቅና አለማወቁ በስሙ ይወሰናል። ግን የስም ሂሳብ ከመክፈላችሁ በፊት ሥሩን እዩ፤ ላሜራ ያብረቀርቃል፣ የሚሸከማችሁ ግን ቴላዮ ነው። የሻንሲና የሞተር ቁጥሩን ከሊብሬው ጋር በዓይናችሁ አስተያዩ። ሊብሬው ላይ ያለው ሰው ሻጩ ራሱ ካልሆነ ውክልናውን ጠይቁ፤ ውክልና ደግሞ ሰጪው ሲሞት አብሮ እንደሚሞት አትርሱ። ባለቤቱ ካረፈ የሚሸጡት ወራሾቹ ናቸው፤ የፍርድ ቤት የወራሽነት ማስረጃ ይዘው፣ ሁሉም ተስማምተው። እዳና እገዳ እንደሌለበት ከመንገድ ትራንስፖርት ሳታጣሩ ቀብድም ቢሆን አትስጡ። «ነገ እጥፍ ነው» የሚላችሁን ደላላ ደግሞ «እንግዲያው ነገ እንነጋገር» በሉት።

ሐጂ ገንዘቡን በጨርቅ እንደተጠቀለለ ወደ ኪሳቸው መለሱ። ደላላውን አልተቆጡትም። «ወራሾቹን ይዘህ ና። ከዚያ ስለ ዋጋው እንነጋገራለን» አሉት ብቻ። ልጁ ፊቱ ጠቆረ። ሃያ አምስት ዓመት ሆኖ መኪና በእጅ ሊገባ ሲል ማምለጡ ቀላል አይደለም። ጡረተኛው ሹፌር ትከሻውን መታ አድርገው ማግኔቱን ሰጡት፤ «ያዘው፣ ለሚቀጥለው ይሆንሃል።»

በማግስቱ ሳኔቲን ወደ ላይ ስሻገር ጋቢ ይዤ ነበር፤ አዴ ናቸው ያዋሱኝ። ጎባ ላይ ለሹፌሩ ሰጥቼ መልሼላቸዋለሁ።

ከወር በኋላ ልጁ ጋ ደወልኩ። መኪናው ወደ ጎባ ተመልሷል። ወራሾቹ ገና እየተከራከሩ ነው፤ አንዷ እህታቸው «እኔ አልሰማሁም፣ አልሸጥም» ብላለች። ልጁ በስልኩ ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ ሲስቅ ሰማሁት።

«ጋሼ፣ ባለቤቱ እስካሁን አልተገኘም» አለኝ። «ገንዘባችን ግን እቤት ነው።»