ጣርማ በር ከመውረዳችን በፊት

ከአዲስ አበባ በኮተቤ በኩል ወጥታችሁ ለገጣፎን፣ ሰንዳፋንና አለልቱን ስታልፉ መንገዱ እንቅልፍ እስኪያመጣ ድረስ ሜዳ ለሜዳ ነው። ሸኖ ላይ ለጋ ቅቤ ለመግዛት ትቆማላችሁ። ጫጫን ስታልፉ ብርዱ በመስኮት ይገባና ልጆቹ ሹራብ ይጠይቃሉ። 130 ኪሎ ሜትር ያህል ከተጓዛችሁ በኋላ ደብረ ብርሃን ትገባላችሁ። አብዛኛው መንገደኛ እዚህ ምሳ በልቶ፣ ለሽማግሌ አረቄ ለብርድ ጋቢ ገዝቶ ያልፋል። እኛም እንደዚያው ልናደርግ ነበር ያሰብነው። ሦስት ሰዓት ተኩል ሙሉ አንድ ጎሚስታ ደጃፍ ላይ ተቀመጥን።

እናቴ የተወለደችው ደብረ ሲና ነው። ታላቅ እህቷን ካየች አራት ዓመት አልፏት ስለነበር ባለቤቴ ሥራ ላይ ሆኖ እሷንና ሁለቱን ልጆቼን ይዤ እኔው እየነዳሁ ወጣሁ። ከተማው መግቢያ ላይ መሪው ወደ ቀኝ ይስበኝ ጀመር። ወርጄ ሳየው የፊት ቀኝ ጎማ ተኝቷል። ኮፈኑን ከፍቼ ስኮርቱን በአውራ ጣቴ ጫን ብለው እሱም እንደ ሊጥ ገባ። መኪናዋን ከገዛን ሦስት ዓመት ሆኖናል፤ በሦስት ዓመት ውስጥ ስኮርቱን አንድ ቀን እንኳ አስነፍቼው አላውቅም። እባካችሁ ይህን ገጽ ከመግለጣችሁ በፊት የእናንተ መቼ እንደተነፋ አስታውሱ።

ቀጥሎ ያደረግሁት ደግሞ የባሰ ነው። "ጎሚስታው ቅርብ ነው" ሲሉኝ በተኛው ጎማ ቀስ እያልኩ ነዳሁ። ግማሽ ኪሎ ሜትር ቢሆን ነው።

ጎሚስታው የቆርቆሮ ቤት ነው፤ በር ላይ እንደ ምልክት የተሰቀለ አሮጌ ጎማ፣ ግማሽ በርሜል ውሃ፣ ዕድሜው የማይታወቅ ኮምፕሬሰር። ባለቤቱ ሃምሳ ዓመት ያለፋቸው፣ ቀጭን፣ ብዙ የማይናገሩ ሰው ናቸው። እናቴን ሲያዩ መጀመሪያ ያደረጉት አግዳሚው ላይ ባና አንጥፈው "አረፍ ይበሉ እናቴ፣ ብርድ ነው" ማለት ነበር። ባና ካላወቃችሁ፣ የዚህ አገር ሰው ከበግ ፀጉር የሚሠራው ከባድ ልብስ ነው፤ ጋቢ የሚያቅተውን ብርድ እሱ ያቆመዋል።

የሙያው ቋንቋ ከዚሁ መንገድ ጋር የመጣ መሆኑን እዚያ ቁጭ ብዬ ነው ያሰብኩት። ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. በነበረው ወረራ ጣሊያኖች ከአዲስ አበባ ወደ አስመራ የሚወስደውን መንገድ ሲሠሩ ጣርማ በር ላይ ተራራውን በስተው ዋሻ ከፈቱ። እነሱ ሄዱ፤ ጎሚስታ፣ ቸርኬ፣ ክሪክ፣ ቡሎን፣ ካላማዳሪ፣ ፍሬን፣ ስኮርት የሚሉት ቃላት ቀሩ። ቃላቱ አማርኛ ከሆኑ ቆይተዋል፤ ልጄ "ጎሚስታ እንግሊዝኛ ነው?" ብላ ስትጠይቀኝ ለማስረዳት ጊዜ ወሰደብኝ።

ሰውዬው ጎማውን ከቸርኬው አውልቀው እጃቸውን ወደ ውስጥ ሰደዱና እፍኝ ሙሉ ጥቁር የጎማ ዱቄት አወጡ። "ምን ያህል ነዳሽው ልጄ?" አሉኝ። ነገርኳቸው። ቀዳዳው የሚስማር ነበር፤ በአሥር ደቂቃ ይለጠፍ ነበር። ግን አየር በሌለው ጎማ ስትነዱ ቸርኬው የጎማውን ጎን እየፈጨ ይሄዳል። ጎኑ የተፈጨ ጎማ አይለጠፍም። ስኮርቱን ደግሞ አዙረው ጎኑ ላይ ያለችውን አራት አሐዝ አሳዩኝ። የመጀመሪያዎቹ ሁለቱ ሳምንቱን፣ የመጨረሻዎቹ ሁለቱ የተሠራበትን የፈረንጅ ዓመት ይናገራሉ። የእኔ ከአሥር ዓመት በላይ ሆኖታል፤ ጎኑ እንደ ደረቀ ማሳ ተሰነጣጥቋል። "በዚህ ከተማ ውስጥ ትሄጂበታለሽ። ጣርማ በርን ግን አትወርጂበትም" አሉ።

ስለዚህ ከረዳታቸው ጋር በባጃጅ ሄደን አዲስ ጎማ ገዛን። ሱቁ ውስጥ ጎማዎቹ ጎን ለጎን ሳይሆን አንዱ ባንዱ ላይ እስከ ጣሪያ ተደርድረዋል፤ ሻጩ የእኔን ልክ ከሥር ጎትቶ አወጣልኝ። የማርኬቲንግ ባለሙያ ነኝ፤ ሰው ቶሎ እንዲወስን ማድረግ የዕለት እንጀራዬ ነው። ያን ቀን ግን እኔው ሳላገላብጥ ከፍዬ ወጣሁ። ለረጅም ጊዜ ከሥር ሆኖ ሲጫነው የኖረ ጎማ ሁለቱ ጠርዞቹ ተቀራርበው ጠፍጣፋ ሆኖ ይቀራል፤ ችግራችንም እሱ ሆነ።

ቲዩብለስ ጎማ ውስጡ ካላማዳሪ የለውም። አየሩን የሚይዘው የጎማው ጠርዝ ከቸርኬው ጋር ግጥም ብሎ ሲቀመጥ ብቻ ነው። ጠርዞቹ ከተቀራረቡ ግን ከቸርኬው ግድግዳ ይርቃሉ፤ የምትነፉት አየር በግራና በቀኝ ይወጣል። ለመግጠም አየር ያስፈልጋል፤ አየሩን ለመያዝ ደግሞ መግጠም ያስፈልጋል። ኮምፕሬሰሩ ጠንካራ ከሆነ ብዙ አየር በአንዴ ገብቶ ጠርዞቹን ገፍቶ ያስቀምጣቸዋል። ያኛው ኮምፕሬሰር እንደዚያ አልነበረም። ሹሹሹ ይላል እንጂ ጎማው ንቅንቅ አይልም።

ሰውዬው አልተናደዱም። ጎማውን አወጡና ቸርኬው ጠርዝ የሚያርፍበትን ቦታ በሽቦ ብሩሽ አሹት፤ የደረቀ ጭቃና ዝገት ረገፈ። ጎማውን ፀሐይ ላይ አሰጡት፤ በብርድ የደረቀ ጎማ አይታዘዝም። ያ ብቻ ግማሽ ሰዓት ወሰደ። እኔ ሰዓቴን አያለሁ፤ እናቴ ሻይ ትጠጣለች፤ ልጆቼ አሮጌ ጎማ ላይ ይዘላሉ። ከዚያ ጠርዙን በሙሉ የሳሙና ውሃ ቀብተው መልሰው አስገቡት። ከቫልቩ ውስጥ ያለችውን ትንሽ መርፌ ፈትተው አወጧት፤ ቀዳዳው ሲሰፋ አየሩ በብዛት ይገባል። ነፉ። አሁንም ሹሹሹ።

"ጋሼ፣ ትንሽ ቤንዚን ረጭተን ክብሪት ብንጭርበትስ?" አለ ረዳቱ። አንድ ቪዲዮ ላይ አይቷል። የቤንዚኑ ትነት ሲፈነዳ ጎማውን በአንዴ ይነፋዋል፤ እውነት ነው ይሠራል፤ እጅና ፊትም ይወስዳል። ሰውዬው ቀና ብለው ልጆቼን አዩ፣ ልጁን አዩና "እዚህ ቤት አይደረግም" አሉ። ድምፃቸውን ከፍ ያደረጉት በዚያን ጊዜ ብቻ ነው። የትም መንገድ ላይ ይህን የሚያደርግላችሁ ቢመጣ ልጆቻችሁን ይዛችሁ ራቁ፤ መኪናው ይቅር።

ያን ጊዜ እኔ "ለምን ካላማዳሪ አይከቱበትም?" አልኩ። የታከትኩት እኔ ነኝ፤ ስምንት ሰዓት ተኩል ሆኗል። ይቻላል አሉኝ፤ ግን ቲዩብለስ ጎማ በሚስማር ሲበሳ ብዙ ጊዜ ቀስ እያለ ነው የሚተነፍሰው፣ ለመቆም ጊዜ ይሰጣችኋል። ካላማዳሪ ግን ሲበሳ አየሩ በአንዴ ይወጣል። በረጅም መንገድም ከጎማው ጋር እየተፋተገ ይግላል። "ቁልቁለቱ ላይ እናትሽና ልጆችሽ አሉ" አሉና ወደ ውስጥ ገቡ።

ሲመለሱ የያዙት ገመድ ነበር። የጭነት መኪና ገመድ ነው፣ ወፍራም። በጎማው ወገብ፣ መሬት በሚነካው በኩል፣ ዙሪያውን አስረው ብረት ዘንግ አስገቡበትና ማጠማዘዝ ጀመሩ። ወገቡ ሲታሰር መሐሉ ወደ ውስጥ ይገባል፤ መሐሉ ሲገባ ጠርዞቹ ወደ ውጭ ይከፈታሉ። እናቴ "እንደ መቀነት!" አለች ከተቀመጠችበት። ረዳቱ በእጁ ቸርኬውን ወደ ላይ ሳብ አድርጎ ያዘ፤ ሰውዬው አየሩን ለቀቁት። ሹሹታው ቀነሰ፣ ቀነሰ፣ ጠፋ። ወዲያው ዘንጉን መልሰው አላሉት፤ ጎማው ሲያብጥ ገመዱ ተወጥሮ ዘንጉ ሰው እንዳይመታ ነው። ልጆቹን እጃቸውን ይዤ ወደ ኋላ ሸሸሁ። ጧ! ትንሽ ቆይቶ ደግሞ ጧ! ሁለት ጠርዝ፣ ሁለት ድምፅ። ትንሹ ልጄ አጨበጨበ።

ሂሳብ ላወጣ ቦርሳዬን ከፈትኩ። ሰውዬው ግን ጎማውን አጋድመው ጎኑን በጣታቸው ዙሪያውን እየዳሰሱ ነበር። ከቸርኬው አጠገብ ጎማው ላይ የወጣች ቀጭን መስመር አለች። በደንብ የተቀመጠ ጎማ ላይ ይህች መስመር ከቸርኬው ያላት ርቀት በሁሉም አቅጣጫ እኩል ነው። የእኛ በአንድ በኩል አንድ መዳፍ ያህል ስፍራ ላይ ወደ ውስጥ ሰጥማለች። "አየር ይዟል እኮ ጋሼ፣ ይበቃል" አልኩ። ዘጠኝ ሰዓት ሊሆን ነው፤ አክስቴ ሁለቴ ደውላለች። "ይዟል። ግን አልተቀመጠም" አሉና አስተነፈሱት።

እንዲህ ያለ ጎማ መኪናውን ያንቀጠቅጣል፤ በኩርባ ላይ ጫና ሲመጣበት ደግሞ ጠርዙ ሊለቅ ይችላል። ብዙ ሰው በዚህ ጊዜ አየር ይጨምርበታል። እሳቸው ጨምረው አልነፉም። ግፊቱ 40 ፒ.ኤስ.አይ. ደርሶ ካልተቀመጠ ማስተንፈስ እንጂ መጨመር አይገባም፤ እልህ ተይዘው ሲጨምሩ ጠርዙ ተበጥሶ የሚፈነዳበት ጊዜ አለ። የሰጠመችውን ቦታ እንደገና ሳሙና ቀብተው፣ ጎማውን ጥቂት አዙረው፣ ከመሬት አንድ ሁለቴ አንጥረው እንደገና ነፉ። ሦስተኛ ጧ ሰማን። መስመሯ ዙሪያውን እኩል ሆነች። መርፌዋን መልሰው፣ በሹፌሩ በር ውስጥ የተለጠፈውን አንብበው በተጻፈው ልክ ሞሉት። በሳሙና ውሃ ዳሰሱት፤ አንድም አረፋ የለም። የጠየቁኝ ሂሳብ ልጆቼ ምሳ ከበሉበት ያነሰ ነበር። ጨምሬ ስሰጣቸው ጭማሪውን ለረዳቱ አሳለፉት።

ዘጠኝ ሰዓት ተኩል ላይ ተነሣን። "ጉሙ ሳይወርድ ዋሻውን እለፉ" ብለው ነበር የሸኙን።

ከደብረ ብርሃን በኋላ አምሳ ኪሎ ሜትር ያህል ገብስና የበግ መንጋ እያያችሁ ትሄዳላችሁ። ከዚያ ምድሩ ያልቃል። ከ3,000 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ቆማችሁ እግራችሁ ሥር ገደል፣ ከገደሉ ባሻገር ሌላ ገደል፣ በጣም ርቆ ቆላው ጢስ መስሎ ይታያል። የምኒልክ መስኮት የሚባለው ቦታ እዚሁ አካባቢ ነው። ጭላዳዎች ገደሉ አፍ ላይ ተቀምጠው ሣር ይነጫሉ፤ ብስኩት እንዳትሰጧቸው፣ እነሱ ሣር በሎች ናቸው። አምስት ደቂቃ ቆምን። ትልቋ ልጄ ጎማውን በእግሯ መታ መታ አድርጋ "ይዟል" አለችኝ።

ከዚያ ዋሻው ነው። ከግማሽ ኪሎ ሜትር በላይ ርዝመት አለው፤ ጨለማ ነው፣ ከላይ ውሃ ያንጠባጥባል፤ መብራት አብርታችሁ፣ ከፊት የሚመጣውን ጭነት መኪና እያያችሁ ቀስ በሉ። ስትወጡ ቁልቁለቱና ጥምዝምዙ ይጠብቃችኋል። በትንሽ ማርሽ ውረዱ፣ ፍሬን ላይ ተጭናችሁ አትቆዩ። እያንዳንዱ ኩርባ ላይ የመኪናው ክብደት ወደ ውጭኛው የፊት ጎማ ሲሄድ ይሰማኝ ነበር፤ ወደ ግራ ስንታጠፍ ያ ጎማ የቀኙ ነው። መሪው አልተንቀጠቀጠም። እናቴ ከኋላ ስለ ልጅነቷ፣ ይህን ዳገት በእግር ስለወጣችበት ቀን ታወራ ነበር፤ ግማሹን አልሰማኋትም።

ደብረ ሲና ስንደርስ ቆሎ ሻጮቹ መስኮቱን ከበቡት። እናቴ ሳትከራከር ሦስት ከረጢት ገዛች፤ እናቴ ሳትከራከር ስትገዛ አይቼ አላውቅም። አክስቴ በሩ ላይ ቆማ ነበር። "እትዬ!" አለች እናቴ፣ መኪናው ሳይቆም በሩን ከፍታ።

ከሁለት ቀን በኋላ ስንመለስ ደብረ ብርሃን ቆመን ለስኮርቱም አዲስ ጎማ አስገባሁ። በዚህኛው ጊዜ ከላይ ያለውን ነው ያስወረድኩት፤ ጠርዙን በሁለት እጄ ከፍቼ አየሁት። ጋሼ አልነበሩም፤ ለቅሶ ሄደዋል አለ ረዳቱ። ቸርኬውን በሽቦ ብሩሽ አሸ፣ ሳሙናውን ቀባ፣ ነፋ። ጧ፣ ጧ። ከዚያ ጎማውን አጋደመና፣ ማንም ሳይጠይቀው፣ መስመሯን በጣቱ ዙሪያውን መዳሰስ ጀመረ።