ዘግይቶ የመጣ ሪማርክ



እኛ የዲማ ልጆች ነን። ዲማ በጋምቤላ ክልል፣ በአኮቦ ወንዝ አካባቢ ያለች፣ በወርቅ የምትታወቅ ከተማ ናት። ከዚህ ተነስቶ ዩኒቨርሲቲ ለሚማር ልጅ አንድ ማመልከቻ ለማስገባት መመላለስ ራሱ ትልቅ ወጪ ነው። የትራንስፖርቱና የአልጋው ገንዘብ ከቤተሰብ ጉሮሮ የሚወጣ ነው።

ከመካከላችን አንዱ በአንድ ኮርስ «ኤፍ» ተሰጠው። ወረቀቱ እንደገና እንዲታረምለት በጊዜው ጠየቀ። መምህሩ ወደ ዲፓርትመንት፣ ዲፓርትመንቱ ወደ ሬጅስትራር፣ ሬጅስትራሩ መልሶ ወደ መምህሩ ላከው። ወራት አልፈው ወረቀቱ ሲታይ የተሳሳተው የነጥቡ ድምር ነበር። ውጤቱ ተስተካከለ። ምዝገባው ግን አልፎ ስለነበር አንድ ዓመት ቤት ተቀመጠ። ነጥቡ ተመለሰ፤ ዓመቱን ማን ይመልስለት?

«ለምን ፍርድ ቤት አልሄዳችሁም?» የሚሉን አሉ። መንገዱ አለ። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37 ማንም ሰው በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ ቤት የማቅረብ መብት እንዳለው ይደነግጋል። በ2012 ዓ.ም. የወጣው የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183 ደግሞ የመንግሥት ተቋም ውሳኔውን በጽሑፍና ከነምክንያቱ እንዲሰጥ ያዛል። ቅር የተሰኘ ሰው የተቋሙን የቅሬታ ደረጃዎች ከጨረሰ በኋላ ውሳኔው በፍርድ ቤት እንዲከለስለት ማመልከት ይችላል።

ነገር ግን ዳኛ ፈተና አያርምም። ዳኛ የሚያየው ደንቡ ተከብሯል ወይ፣ ተማሪው ተሰምቷል ወይ የሚለውን ነው። በሕንድም የሆነው ይኸው ነው። እ.ኤ.አ. በ2011 የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ተማሪዎች የታረመ ወረቀታቸውን የማየት መብት እንዳላቸው ወሰነ። ማርክ ግን አልጨመረላቸውም፤ የተዘጋውን ወረቀት ነው ያስከፈተላቸው። ወረቀቱ ከተከፈተ የድምር ስህተት የት ይደበቃል?

እንግዲህ የእኛ ጓደኛ ያጣው ሕግ አይደለም። በእጁ ማስረጃ አልነበረም። የጠየቀው ሁሉ በቃል ነበር፤ የተመለሰለትም በቃል፣ «ነገ ና» እየተባለ። ፍርድ ቤት ቢሄድ ኖሮ መቼ እንደጠየቀና ማን እንደከለከለው በምን ያሳይ ነበር?

ስለዚህ ወንድሞችና እህቶች፣ ውጤት በተለጠፈ ቀን የቅሬታው ቀነ ገደብ መቼ እንደሚያበቃ ጠይቁ። ማመልከቻችሁን በሁለት ቅጂ ጻፉ፤ አንዱን መዝገብ ቤት አስገቡ፣ በሌላው ላይ ቀንና ማኅተም አስደርጋችሁ ያዙ። መልስ በጽሑፍ ጠይቁ። ምዝገባው ከተቃረበ ያንኑ በማመልከቻው ላይ ግለጹ። በብዙ ዩኒቨርሲቲዎች የሕግ ትምህርት ቤቶች ነፃ የሕግ ድጋፍ ይሰጣሉ፤ ጊዜ ሳታባክኑ አማክሯቸው። ለዳኝነት የሚከፈል ከሌላችሁ በድሃ ደንብ ለመክሰስ ማመልከት እንደሚቻልም እወቁ።

መምህራኖቻችንንም በአክብሮት እንጠይቃለን። የተማሪ ወረቀት በእጃችሁ ያለ አማና ነው። ስህተት ከማንም ይመጣል፤ ለማረም የሚበቃው ግን ብዙ ጊዜ የግማሽ ሰዓት ሥራ ነው። ያቺ ግማሽ ሰዓት ስትዘገይ የአንድ ቤተሰብ ዓመት ትበላለች።

ሐቃችንን እንጠይቅ፤ በአደብ፣ በጽሑፍ፣ በጊዜው።