ስድሳ ሰዓት

እኔ መጻፍ የማውቅ ሰው እንጂ ጸሐፊ የምባል ሰው አይደለሁም። የሁለተኛ ደረጃ ትምህርቴን ከፈጸምሁ በኋላ በአቃቂ ቃሊቲ ከሚገኙት መሥሪያ ቤቶች በአንዱ በመዝገብ ቤት ሠራተኛነት ተቀጥሬ፣ የመጣውን ወረቀት ስቀበልና ስመዘግብ፣ የሚሄደውንም ቁጥር ሰጥቼ ስሸኝ፣ እነሆ 14 ዓመት ሆነኝ። ዛሬ ብዕር እንዳነሣ ያስደፈረኝ በአንድ ቀን የደረሰብኝ እፍረት ነው፤ እፍረቴም ምናልባት ለሌላ ሰው ይጠቅም እንደ ሆነ ብዬ ለአንባቢ አቀርበዋለሁ።

በየዓመቱ ከምቀበላቸው ወረቀቶች መካከል የመምህራን የሥራ ማኅደር ይገኛል። ትምህርት ሚኒስቴር በ2002 ዓ.ም. ባወጣው ማዕቀፍ መሠረት ማንኛውም መምህር ሙያውን ለማሻሻል በዓመት ቢያንስ 60 ሰዓት ሊማር ይገባዋል። ይህም «ተከታታይ የሙያ ማሻሻያ» ይባላል፤ መምህራኑ ግን በአጭሩ «ተሙማ» ይሉታል። አሳቡ መልካም ነው። መምህሩ በመጀመሪያ የጎደለውን ይመረምራል፤ ቀጥሎ ያቅዳል፤ ያቀደውን በክፍሉ ውስጥ ይሞክራል፤ በመጨረሻም ፍሬውን ይመዝናል። ባልንጀራው ሲያስተምር ገብቶ ያያል፤ እርሱም ሲያስተምር ይታያል። ይህ ሁሉ በማኅደሩ ይጻፋል። የእኔ ሥራ ግን ፍሬውን መመርመር ሳይሆን ሰዓቱን መደመር ነበር። ድምሩ 60 ከሞላ ማኅተም አደርጋለሁ፤ ከጎደለ እመልሳለሁ።

ከዕለታት አንድ ቀን የአንዲት ወጣት መምህርት ማኅደር 41 ሰዓት ብቻ ይዞ መጣ። «ጎድሎአል» ብዬ መለስሁት። ከሦስት ቀን በኋላ 60 ሞልቶ ደረሰኝ። በሦስት ቀን ውስጥ 19 ሰዓት ከየት እንደ ተገኘ አልጠየቅሁም፤ ማኅተሜን አትሜ በመደርደሪያው ላይ አኖርሁት።

ዓመት አለፈና ሴት ልጄ ሁለተኛ ክፍል ገባች። እናቴ ከእኛ ጋር ትኖራለች። እርሷም በጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ሠራተኛ ሳለች በ1971 ዓ.ም. በተጀመረው የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ፊደል የቈጠረች ናት፤ ከዚያ በፊት ደመወዟን ስትቀበል በአውራ ጣቷ ትፈርም ነበር። አንድ ማታ ልጂቱን አጠገቧ አስቀምጣ ፊደል አስቈጠረቻት። ልጂቱ ከ«ሀ» እስከ «ፐ» በዜማ አወረደችው፤ እኔም ደስ አለኝ። እናቴ ግን ከገበታው መካከል «ሚ»ን በስንደዶ ጠቁማ፣ «ይህች ማን ናት?» አለቻት። ልጂቱ ዝም አለች፤ ከዚያም በከንፈሯ እያንሾካሾከች «መ፣ ሙ፣ ሚ» ብላ ደረሰችባት። «ጠ»ን ብትጠይቃት ከ«ሀ» ጀመረች። መጽሐፏን ገልጠን ብናስነብባት ገጹን ሳትሰናከል ተወጣችው፤ እናቴ ሥዕሉን በእጇ ስትሸፍንባት ግን ቃሉ ሁሉ ጠፋባት።

«ይህች ልጅ ዜማ ተማረች እንጂ ፊደል አልተማረችም። አንተስ ቀኑን ሙሉ ወረቀት ስታይ የምትውል ሰው፣ ይህን እንዴት ሳታየው ቀረህ?» አለችኝ።

በማግሥቱ ተቈጥቼ ወደ ትምህርት ቤቱ ሄድሁ። መምህርቷ ስሟን ስትነግረኝ ማኅደሯ ታወሰኝ። «መምህርት፣ እርስዎ 60 ሰዓት የሙያ ትምህርት ተምረው ልጄ አንዲት ፊደል ለይታ አለማወቋ ምን ማለት ነው?» አልኋት።

እርሷም ጥቂት ዝም ብላ ከቈየች በኋላ፣ «ወንድሜ፣ በዚያ ዓመት በእውነት የሠራሁት 41 ሰዓት ነበር። የሚበዛውም ስለ ዕቅድ አጻጻፍና ስለ ቅጽ አሞላል የተነገረን ነው። የንባብን ማስተማር በትክክል የተማርሁት አንዲት አንጋፋ መምህርት ክፍል ገብቼ ባየሁባቸው በ6ቱ ሰዓታት ብቻ ነው። ልቀጥልበት ሳስብ ማኅደሬ ጎድሎአል ተብሎ ተመለሰብኝ፤ ከዚያ ወዲያ የተማርሁት ሰዓት መሙላትን ነው። የመለሱብኝስ እርስዎ አይደሉምን?» አለችኝ።

የምመልሰው ቃል አጣሁ። ቍጣዬን ይዤ የሄድሁበትን መንገድ አንገቴን ደፍቼ ተመለስሁበት።

በዚያው ሳምንት ቅዳሜ መምህራኑ ሲሰበሰቡ በኋላ ወንበር እንድቀመጥ ፈቃድ ጠየቅሁ። ሁሉም እትዬ የሚሏቸው አንጋፋዋ መምህርት፣ ጡረታ ሊወጡ የተቃረቡ ሴት ናቸው። ተነሥተው በሰሌዳው ላይ ራሳቸው የፈጠሯቸውን ስምንት ምልክቶች ጻፉ፤ ለእያንዳንዱም ድምፅ ሰጥተው መምህራኑን በዜማ አስጠኑአቸው። ሁሉም ወዲያው ያዙት። ከዚያም ስድስተኛውን ምልክት ለብቻው ጽፈው፣ «ይህ ማን ነው?» ብለው ጠየቁ። መምህራኑ ከመጀመሪያው ጀምረው ማንሾካሾክ ያዙ። በመጀመሪያ ሳቅ ሆነ፤ ቀጥሎ ጸጥታ ሆነ።

«አያችሁ ልጆቼ» አሉ እትዬ፤ «የእኛ ፊደል 33 ነው፤ በሰባት ሲባዛ 231 መልክ አለው። ሕፃን ይህን ያህል መልክ በዓይኑ ከመለየት በጆሮው መያዝ ይቀለዋል። የቀድሞ የኔታ ይህን ያውቁ ነበር። ስለዚህም ከሀሁ ቀጥሎ አቡጊዳን ያስቈጥሩ ነበር፤ አ ከግዕዙ፣ ቡ ከካዕቡ፣ ጊ ከሣልሱ፣ ዳ ከራብዑ፣ ሄ ከኃምሱ፣ ው ከሳድሱ፣ ዞ ከሳብዑ። ዜማው ሲሰበር ዓይን ይሠራል። እኛ ዜማውን ወረስን፤ መስበሪያውን ረሳን።»

ከዚህ በኋላ የሚሠሩትን አሳዩ። ፊደሉን አደባልቆ ማስጠየቅ፤ «ለ»ንና «ሰ»ን የመሳሰሉትን ተመሳሳዮች ጎን ለጎን አድርጎ ማስለየት፤ ሕፃኑ ካወቃቸው ሦስት ፊደላት አዲስ ቃል እንዲያነብ ማድረግ፤ የሰማውንም ቃል እንዲጽፍ ማዘዝ። ከሁሉ በላይ በየቀኑ ጥቂት ልጆችን ተራ በተራ ለብቻቸው ማዳመጥ፤ የሳቱትንም በደብተር መያዝ። በጉባኤ የሚጮኽ ክፍል የማያውቀውን ልጅ ይሸሽገዋልና።

ይህ የአንድ ትምህርት ቤት ጉድለት ብቻ አይደለም። በዚያው በ2002 ዓ.ም. በስድስት ቋንቋዎች የሕፃናት የንባብ ችሎታ በተመረመረ ጊዜ፣ ከሁለተኛ ክፍል ተማሪዎች 34 በመቶ የሚሆኑት ከቀረበላቸው ጽሑፍ አንዲት ቃል እንኳ ማንበብ እንዳልቻሉ ታወቀ። ማዕቀፉና ይህ ውጤት በአንድ ዓመት መታየታቸውን ባሰብሁ ጊዜ፣ መድኃኒቱ በእጃችን ሳለ የጠርሙሱን ቁጥር ብቻ ስመዘግብ የኖርሁ መሰለኝ።

መምህርቷ አሁን በሳምንት አንድ ቀን የእትዬን ክፍል ገብታ ታያለች፤ እትዬም የእርሷን ያያሉ። ልጄ ገና ቀስ እያለች ነው የምታነበው። ባለፈው ሳምንት ግን ታክሲ ስንጠብቅ ከመኪናው ፊት የተጻፈውን ራሷ አየችና፣ «ቃ... ሊ... ቲ» አለች። ያዜመችው አልነበረም።

ዘንድሮ ማኅደሮቹ ሲመጡ አንዱ 38 ሰዓት ብቻ ይዞ ደረሰኝ። ገልጬ አነበብሁት። የትኞቹ ልጆች የትኛውን ፊደል እንደሚስቱ፣ ምን እንደ ተሞከረላቸው፣ የትኛው ሙከራ እንዳልሠራ ሳይቀር ተጽፎበታል። ደንቡን የመለወጥ ሥልጣን የለኝም፤ ያልሞላውንም ሞልቶአል ብዬ ማኅተም አላደርግም። ነገር ግን እንደ ልማዴ አልመለስሁትም። «ሰዓቱ 22 ይጎድላል፤ ሥራው ግን ተሠርቶአል፤ የበላይ ኃላፊ አንብቦ ይወስን» የሚል ማስታወሻ አያይዤ፣ ቁጥር ሰጥቼ፣ ወደ ላይ አሳለፍሁት። መልሱ ገና አልመጣም።

ጋን በጠጠር ይደገፋል ይባላል። የመዝገብ ቤት ሠራተኛም ጠጠር ነው። እኔ ግን ጠጠሩ ካለ ስፍራው ሲቀመጥ ጋኑን እንደሚያዘነብለው ዐወቅሁ።